በቡድን ጸብ ሰው ሞቶ ዘመዳችሁ ከተፈረደበት ይግባኙን እንዴት ነው ምትይዙት

ፍርድ የተሰጠ ቀን ማታ ቤት ውስጥ ለቅሶ ነው። ጎረቤት ይገባል ይወጣል፣ ቡና ይፈላል፣ አንዱ ዳኛውን ይረግማል፣ አንዱ አዲስ አበባ ሚያውቀው ትልቅ ሰው እንዳለ ያወራል፣ ሌላው "አላህ ያውቃል" ብሎ ይወጣል። እኔም አክስቴ ቤት እንደዛ ነው ያመሸሁት፣ ልጇ 11 ዓመት የተፈረደበት ቀን። በማግስቱም ያው፣ በሳልስቱም ያው። ስምንት ቀን እንደዚህ ካለፈ በኋላ ነው አንድ ደንበኛዬ "ይግባኝ አላችሁ?" ብሎ የጠየቀኝና ደሜ ቀጥ ያለው።

ጠበቃ አይደለሁም፣ ቀድሜ ልናገር። ጅማ ውስጥ ትንሽዬ የጽህፈትና የፎቶ ኮፒ ቤት ነው ያለኝ። የፍርድ ቤት ወረቀት በእጄ ያልፋል፣ ስተይብ ስተይብ ቋንቋውን ለምጄዋለሁ፣ ከዛ የራሳችን ሲመጣ ደግሞ ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው ራሴ አነበብኩት። አሁን ሰው ሲጠይቀኝ ሁሌ አንድ አይነት ነገር ነው ምደግመው፣ ስለዚህ አንዴ ልጻፈውና ልገላገል።

ቀን ቆጠራውን አስቀድሙ። በወንጀል ይግባኝ ማለታችሁን ለፈረደው ፍርድ ቤት ምታሳውቁት ፍርዱ በተሰጠ በ15 ቀን ውስጥ ነው። አንድ ገጽ ወረቀት ናት፣ "በውሳኔው ቅር ስለተሰኘሁ ይግባኝ እላለሁ፣ የመዝገቡ ግልባጭ ይሰጠኝ" የምትል፣ ምክንያት መደርደር እዛ ላይ አያስፈልግም። ከዛ ግልባጩ በእጃችሁ ከገባ ቀን ጀምሮ ደግሞ 30 ቀን አላችሁ፣ ዋናውን የይግባኝ ማመልከቻ ለማስገባት። ይሄ ከ1954 ጀምሮ ሲሰራበት የቆየው የወንጀል ሥነ ሥርዓት ህግ አንቀጽ 187 ነው። ሰፈር ውስጥ "60 ቀን አለህ አትቸኩል" የሚል ሰው አይጠፋም፣ 60 ቀን የፍትሐ ብሔር ነው፣ የቤትና የመሬት ክርክር ያለበት ሰው ነው እንደዛ ሚላችሁ። ብቻ ህግ ይሻሻላልና መዝገብ ቤት ስትሄዱ "የኔ መዝገብ የመጨረሻ ቀኑ መቼ ነው" ብላችሁ በቀን አስነግሯችሁ ጻፉት።

እስር ላይ ያለው ሰው ራሱ ማረሚያ ቤት ሆኖ ማመልከቻውን ለኃላፊው መስጠት ይችላል፣ ከዛ ወደ ፍርድ ቤት ይላካል። ይሄን ብዙ ቤተሰብ አያውቅም። እኛ ሰው ልከን ውክልና ምናምን ስንል ሦስት ቀን አጠፋን፣ ልጁ እዛው ቁጭ ብሎ መፈረም ሲችል። የሰጣችሁበትን ቀን የሚያሳይ ማህተም ያለበት ቀሪ መያዝ አትርሱ፣ በስልክ ፎቶ አንሱት፣ ለሁለት ሰው በቴሌግራም ላኩት።

ቀኑ ካለፈባችሁስ? በሩ ጭራሽ አይዘጋም፣ ማስፈቀጃ ማመልከቻ የሚባል አለ፣ አንቀጽ 191። ግን "አላወቅንም ነበር" አይበቃም፣ መዘግየቱ በእናንተ ጥፋት አለመሆኑን ማሳየት አለባችሁ፣ ሆስፒታል ተኝቶ ከነበረ የሐኪም ወረቀት፣ ግልባጩ ዘግይቶ ከሆነ የተጠየቀበትና የተሰጠበት ቀን ያለበት ወረቀት። ለዚህ ነው ከላይ ያልኩት ቀሪ ሚያስፈልገው።

አሁን ወደ ግልባጩ። ሰው "ውሳኔውን አውጥተናል" ብሎ ሦስት ገጽ ይዞ ይመጣል። ሦስት ገጽ ውሳኔ ነው እንጂ መዝገብ አይደለም። ምትፈልጉት ሁሉንም ነው፦ ክሱን፣ የአቃቤ ህግ ምስክሮች ቃል አንድ በአንድ፣ የሐኪም ማስረጃውን፣ የአስከሬን ምርመራ ካለ እሱን፣ "ይከላከሉ" የተባለበትን ብይን፣ የመከላከያ ምስክሮችን ቃል፣ የጥፋተኝነት ፍርዱን፣ የቅጣት ውሳኔውን። የኛ 87 ገጽ ነበር። ከ87ቱ ውስጥ የልጁን ህይወት የያዘው ግማሽ ገጽ ነው፣ እሱን ግማሽ ገጽ ለማግኘት ግን 87ቱን ማንበብ ግድ ነው።

ጅማ ላይ ደግሞ አንድ ሌላ ነገር አለ። የክልሉ ፍርድ ቤት የሚሰራው በአፋን ኦሮሞ ነው፣ መዝገቡም በቁቤ፣ በላቲኑ ፊደል ማለት ነው፣ ነው ሚጻፈው። ቋንቋውን ለሚናገር ሰው ችግር የለም፣ ግን ቤት ውስጥ አማርኛ ብቻ ሚናገር ቤተሰብ ብዙ ነው፣ ቋንቋውን አፍ ላይ እየቻለ ማንበብ ሚያቅተውም አለ። መዝገብ ቤቱ መስኮት ጋ ስትደርሱ ይግባኝ "ኦልእያኖ" ነው፣ ግልባጭ "ገረገልቻ"፣ አቃቤ ህጉ "አባ አላንጋ"፣ እነዚህን ይዛችሁ ሂዱ። ችሎት ላይ ቋንቋው የማይገባው ተከሳሽ በመንግስት ወጪ አስተርጓሚ የማግኘት መብት በህገ መንግስቱ አንቀጽ 20 አለው፣ ይግባኝ የማለት መብትም እዛው ላይ ነው ያለው። ወረቀቱን ግን እናንተው ናችሁ ምታስተረጉሙት። ርካሽ ብላችሁ ለማንም አትስጡ፣ ለምን እንደሆነ ልንገራችሁ።

የኛ ጉዳይ አምስት ተከሳሽ ነው። ጸቡ በባጃጅ ተራ ተነሳ፣ መሸት ሲል፣ መብራት ጠፍቶ። አንድ ሰው ሞተ፣ አንድ ሰው እጁ ተሰበረ። አምስቱም "በህብረት ሆነው" ተብለው በሁለት ክስ ተከሰሱ፣ አንዱ ሰው መግደል አንዱ ከባድ የአካል ጉዳት። አንደኛ ተከሳሽ ስልሳ የሚጠጉ ሰው ናቸው፣ ሰፈሩ ሁሉ ጋሼ የሚላቸው። የአክስቴ ልጅ ሦስተኛ ተከሳሽ ነው፣ 23 ዓመቱ።

ዋናው ምስክር የሱቅ ልጅ ነው፣ አሥራ ስምንት የሞላው፣ ቃሉን የሰጠው በአማርኛ ነው፣ በአስተርጓሚ። ችሎት ላይ እኔም ነበርኩ። ልጁ ያለው "ዱላ ይዘው መጡና ጭንቅላቱን መቱት" ነው። ቤተሰብ ያሳደገው ልጅ ነው፣ ሽማግሌውን "መታው" አይልም፣ "መቱት" ነው ሚለው። በአፋን ኦሮሞም ትልቅ ሰው "ኢሳን" ነው ሚባለው፣ ብዙ ሰውም "ኢሳን" ነው። መዝገቡ ላይ "ኢሳን ሩኩታን" ተብሎ ተጻፈ፣ ፍርዱ ላይ ሲደርስ "ተከሳሾቹ ሟችን በዱላ መቱት" ሆነ። አንድ ሽማግሌ አምስት ሰው ሆኑ ማለት ነው። ማንም ክፉ አስቦ አይደለም እኮ፣ አንቱታ ናት ያደረገችው።

ይሄን ያገኘሁት ግልባጩን ከአንድ አስተማሪ ጓደኛዬ ጋር ቁጭ ብለን መስመር በመስመር ስናነብ ነው። ከሁለት ገጽ በኋላ መስቀለኛ ጥያቄ ላይ "ዱላውን የያዘው ስንት ሰው ነው" ተብሎ ሲጠየቅ ልጁ "እሳቸው ብቻ ናቸው" ብሏል፣ መዝገቡ ላይ በግልጽ አለ። ፍርዱ ውስጥ ግን ይቺ መልስ የለችም። ይግባኛችን የቆመው በዚች ላይ ነው። ያው ምስክር ውሸታም ነው ብለን ብንጮህ ኖሮ የራሳችንን እግር ነበር ምንቆርጠው፣ ምስክሩ እውነተኛ ነው ያዳነንም እሱ ነው።

ስለዚህ በቡድን ክስ ዋናው ስራ መለየት ነው። ሰውየውን ከቡድኑ ውስጥ ነቅሎ ማውጣት። እንዲህ አድርጉ፦ ትልቅ ወረቀት ውሰዱ፣ እኔ ኤ-ሦስት ነው የተጠቀምኩት፣ ከላይ ተከሳሾቹን ደርድሩ፣ በጎን ምስክሮቹን። እያንዳንዱ ሳጥን ውስጥ ይሄ ምስክር ስለዚህ ሰው ምን አለ፣ በምን መታ፣ የቱ ጋ መታ፣ ማንን መታ፣ ምስክሩ ከየት ሆኖ አየ፣ በምን ብርሃን፣ የገጽ ቁጥሩ ስንት ነው። ምንም ካላለ ባዶ ተዉት። ስትጨርሱ ባዶዎቹ ሳጥኖች ናቸው ሚናገሩት። በኛ ወረቀት ላይ የሦስተኛ ተከሳሽ ዓምድ ከሟቹ ጋር በተያያዘ ከአንድ "ሁሉም ነበሩ" ከሚል ቃል በስተቀር ባዶ ነው። ሁለት ምስክሮች በስም የጠሩት እጁ ከተሰበረው ሰውዬ ጋር ሲታገል ነው፣ ያውም ከመንገዱ ማዶ።

ከዛ የሐኪሙን ወረቀት አጠገቡ አስቀምጡ። ሟቹ ላይ ስንት ቁስል አለ? የት? በምን አይነት ነገር? የኛ ላይ ለሞት ምክንያት የሆነው ጭንቅላት ላይ ያረፈ አንድ ምት ነው፣ በደነዘ ነገር። አምስት ሰው በዱላ ከመታው አንድ ቁስል ብቻ እንዴት? ይሄ ጥያቄ ከሃያ ገጽ ልመና ይበልጣል።

ህጉ ምን ይላል፣ በአጭሩ፣ ምክንያቱም ክሱ ላይ ያሉት ቁጥሮች ካልገቧችሁ ከጠበቃው ጋር እንኳን መነጋገር አትችሉም። "የወ/ህ/አ/ቁ 32(1)(ሀ) እና 540" ይላል አብዛኛው ክስ፣ የወንጀል ህግ አንቀጽ ቁጥር ማለት ነው። 540 ተራ የሆነ የሰው መግደል ነው፣ ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት። ከሱ በላይ 539 አለ፣ ከባድ ግድያ፣ ዕድሜ ልክ ወይም ሞት፣ አስቀድሞ የታሰበበት፣ ጭካኔ ያለበት ወይም ለመግደል በተደራጀ ቡድን የተፈጸመ ሲሆን። ከታች 541 አለ፣ እስከ 5 ዓመት ቀላል እስራት፣ ከመከላከል ወሰን ያለፈ ወይም በከባድ ማነሳሳት የተደረገ። 543 በቸልተኝነት መግደል ነው። ከአካል ጉዳት 555 ከባዱ ነው፣ እስከ 15 ዓመት ሊደርስ ይችላል፣ 556 ቀላሉ፣ 560 እጅ እልፊት። ይግባኝ ሁልጊዜ "ነፃ ልቀቁት" ማለት ብቻ አይደለም፣ ከ540 ወደ ሌላው መውረድ ራሱ የዓመታት ጉዳይ ነው።

32 ደግሞ ዋና አድራጊ ማን ነው የሚለው ነው። (ሀ) ድርጊቱን ራሱ የፈጸመ። (ለ) በእጁ ባይፈጽመውም በወንጀሉም በሚመጣው ውጤትም ሙሉ በሙሉ የተካፈለ። ብዙ ክርክር ሚሞተው እዚህ ጋ ነው፣ ሰው "ልጄ አልመታም" ብሎ ያቆማል፣ ፍርድ ቤቱ ደግሞ በ(ለ) ይይዘዋል፣ አልመታም ግን ሀሳቡ አንድ ነበር ብሎ። ስለዚህ ሁለቱንም መመለስ አለባችሁ። አንደኛ በእጁ አልመታም፣ ገጽ ይሄ። ሁለተኛ የጋራ የመግደል ሀሳብ አልነበረም፣ ምክንያቱም ጸቡ በድንገት የተነሳ ነው፣ አስቀድሞ መገናኘት የለም፣ ጋሼ ዱላውን ይዘው ሲመጡ አላየም፣ እሱ ከሌላ ሰው ጋር መንገድ ማዶ ነበር። ረድቷል ከተባለም 37 አለ፣ አባሪነት፣ እሱም ቢሆን የሚረዳውን ወንጀል አውቆ መርዳትን ይጠይቃል። 58(3) ላይ ደግሞ ሰው ካሰበው ያለፈ ውጤት ሲመጣ ላላሰበው ነገር እንዳሰበ ተደርጎ አይቀጣም የሚል ነገር አለ፣ ለመደባደብ የገባና ለመግደል የገባ አንድ አይደሉም። 24ም ድርጊቱና ሞቱ የምክንያትና የውጤት ግንኙነት ሊኖራቸው ይገባል ይላል። እነዚህን አራት አምስት አንቀጾች ጠበቃችሁን "የትኛው ለኛ ይሄዳል" ብላችሁ ጠይቁት፣ መልሱ ካልመጣ ሌላ ጠበቃ ፈልጉ።

አሁን ወደ ከባዱ ልምጣ፣ ህጉ አይደለም ከባዱ፣ ቤተሰብ ነው።

አምስቱ ቤተሰቦች አንድ ቤት ተሰበሰብን። ሀሳቡ ጥሩ ነበር፣ ገንዘብ አዋጥተን አንድ ጠበቃ እንያዝ፣ አንድ ማመልከቻ ይጻፍ። የጋሼ ታላቅ ልጅ ናቸው የሰበሰቡን፣ ቤቱም የሳቸው ነው፣ ምሳም አብልተውናል። እኔ ፈራ ተባ እያልኩ "ይቅርታ አድርጉልኝ፣ የአክስቴን ልጅ ለብቻው ነው ምናስገባው" ስል ቤቱ ጸጥ አለ። "አንተ ልጅ፣ አባታችንን ልትበላ ነው?" አሉኝ። መልስ አልነበረኝም፣ እስከ አሁንም የለኝም። እውነቱ ግን ይሄ ነው፦ የአንዱ መከላከያ የሌላው ክስ ከሆነ አንድ ጠበቃ ሁለቱን መያዝ አይችልም፣ አንድ ማመልከቻም አይችልም። "ዱላ የያዙት እሳቸው ብቻ ናቸው" የሚለውን ዓረፍተ ነገር እሳቸውም በፈረሙበት ወረቀት ላይ እንዴት ነው ምትጽፉት? በህብረት የተጻፈ ማመልከቻ መጨረሻው "ማናችንም የለንበትም" ይሆናል፣ በህብረት ያደረጉት ነው ብሎ ላመነ ዳኛ ደግሞ ይሄ እምነቱን ነው ሚያጠነክርለት።

ፍላጎታቸው ሚመሳሰል ሰዎች አንድ ላይ ቢሆኑ ችግር የለውም። ሁለተኛና አራተኛ ተከሳሽ አንድ ላይ ነው ያስገቡት። አምስተኛው ጭራሽ ይግባኝ አላለም፣ ቤተሰቡ ተስፋ ቆርጦ። የሥነ ሥርዓት ህጉ ላይ አንቀጽ 196 የሚባል አለ፣ ይግባኝ ያሉት ሲፈረድላቸው ምክንያቱ ይግባኝ ላላለውም የሚሰራ ከሆነ ፍርድ ቤቱ ለሱም ሊያደርግለት ይችላል። ይችላል ነው እንጂ የግድ አይደለም፣ በሱ ተማምናችሁ አትቀመጡ።

ማመልከቻ አጻጻፍ ላይ። ፍርድ ቤት በር ላይ ማመልከቻ ሚጽፉ ሰዎች አሉ፣ ጎበዞችም አሉ፣ ግን ለይግባኝ የለመዱት ቅርጽ አለ፦ ግማሽ ገጽ "የተከበረው ፍርድ ቤት"፣ ግማሽ ገጽ "የድሃ ልጅ፣ የአሮጊት እናቱ ጧሪ"፣ ከዛ "ምስክሮቹ በጥላቻ የመሰከሩ ስለሆነ" ይልና ያልቃል። ገጽ ቁጥር የለም፣ የምስክር ተራ ቁጥር የለም። ይሄን በቀን ስንቴ እንደተየብኩት። እናትየውን አውጡ አልልም፣ ለቅጣቱ ክፍል አስቀምጧት።

እኛ የጻፍነው የመጀመሪያው ነጥብ ይሄን ይመስል ነበር፦ "የአቃቤ ህግ 2ኛ ምስክር በመዝገቡ ገጽ 31 ላይ ለመስቀለኛ ጥያቄ በሰጠው መልስ ዱላ የያዘው 1ኛ ተከሳሽ ብቻ መሆኑን የመሰከረ ሲሆን የስር ፍርድ ቤት ይህንን ሳይመለከት ተከሳሾች በሙሉ በዱላ መተዋል ሲል የደረሰበት ድምዳሜ ከማስረጃው ጋር የማይገናኝ ነው።" በቃ። ቀጥሎ ሁለተኛው ነጥብ፣ የሐኪም ማስረጃው። ቀጥሎ ሦስተኛው፣ 32(1)(ለ)። ቀጥሎ ቅጣቱ። መጨረሻ ላይ ምን እንደምትፈልጉ በቅደም ተከተል፦ ከግድያው ክስ በነፃ ይሰናበት፣ ይሄ ከታለፈ አንቀጹ ይቀየር፣ ይሄም ከታለፈ ቅጣቱ ይቀነስ። ስድስት ገጽ ነበር ሁሉም። ዳኛው ብዙ መዝገብ ነው ያለበት፣ ስድስት ገጽም በዝቷል ያለኝ ሰው አለ።

ሁለት ነገር አብራችሁ አትበሉ። "እዛ ቦታ አልነበርኩም" እና "ራሴን ስከላከል ነው" አንድ ወረቀት ላይ አይኖሩም። በስር ፍርድ ቤት "አልነበርኩም" ያለ ሰው ይግባኝ ላይ ድንገት "ተከላክዬ ነው" ቢል ማን ያምነዋል። አዲስ ማስረጃም እንደዛው፣ የሥነ ሥርዓት ህጉ አንቀጽ 194 አለ፣ ይግባኝ ሰሚው አስፈላጊ ሆኖ ካገኘው ተጨማሪ ማስረጃ ሊሰማ ይችላል፣ ግን ያኔ ለምን እንዳልቀረበ ነው መጀመሪያ ሚጠየቀው። በነገራችን ላይ ክሱ ሲነበብለት አምኖ የተፈረደበት ሰው ጥፋተኝነቱ ላይ ይግባኝ የለውም፣ ቅጣቱ ላይ ብቻ ነው ያለው።

ቅጣት ላይ። የቅጣት አወሳሰን መመሪያ ቁጥር 2/2006 የሚባል አለ፣ ወንጀሉ ደረጃ ይወጣለትና እርከን ይያዛል፣ ማክበጃ ሲኖር እርከኑ ይወጣል ማቅለያ ሲኖር ይወርዳል። የቅጣት ውሳኔው ላይ ስንት ማክበጃ ስንት ማቅለያ እንደተያዘ ቁጠሩ። የቡድን ክስ ላይ የወንጀል ህጉ 84(1)(መ) "ከሌሎች ጋር በመስማማት" ተብሎ እንደ ማክበጃ ይመጣል፣ ስምምነት መኖሩ ካልተረጋገጠ እሱ ብቻውን ሚከራከሩበት ነጥብ ነው። ማቅለያ ላይ 82(1)(ሀ) የቀድሞ ጸባይ ነው፣ ሪከርድ የሌለበት መሆኑ ተይዞለታል? የቀበሌ፣ የእድር፣ የትምህርት ቤት ወረቀት በስር ፍርድ ቤት ገብቶ ነበር? የኛ እድር ደብዳቤ ገብቶ ውሳኔው ላይ አንድም ቃል አልተባለለትም፣ አንድ ነጥብ ሆነልን።

ስለ ጉማ፣ ስለ ደም ካሳና እርቁ ማለት ነው፣ መጻፍ ያለብኝ ይመስለኛል ምክንያቱም እዚህ አገር ሰው ሞቶ ሽማግሌ ሳይገባ አይቀርም። ሽማግሌ ይላካል፣ ካሳ ይከፈላል፣ የሟች ቤተሰብና የገዳይ ቤተሰብ ይታረቃል፣ ጥሩ ነው፣ በቀል ይቆማል፣ ልጆቻችሁ ገበያ ይወጣሉ። ክሱን ግን አያነሳም፣ የመንግስት ክስ ነው። ቅጣት ላይ እንደ ማቅለያ እንዲያዝ መጠየቅ ይቻላል፣ በ82(1)(ሠ) መጸጸት፣ ወይ በ86። ጥንቃቄ ግን፣ የእርቅ ወረቀቱ ላይ ምን እንደተጻፈ አንብቡ። "የገደሉት አምስቱ ሰዎች" ብሎ ሚጀምር የእርቅ ሰነድ ይዛችሁ "የኔ ልጅ አልገደለም" የሚል ይግባኝ ላይ ብታያይዙት ራሳችሁ ያመጣችሁት ማስረጃ ነው። እኛ ሽማግሌዎቹን ለምነን "በቤተሰቦቹ መካከል በደረሰው ሞት ምክንያት" አስብለን ነው ያስጻፍነው፣ ሽማግሌዎቹም ነገሩ ገባቸው፣ ደግሞ ከኛ በፊት ነው የገባቸው።

ጠበቃ መያዝ ካልቻላችሁ ተከላካይ ጠበቃ እንዲመደብ በማመልከቻ ጠይቁ፣ አቅም ለሌለው ሰው ፍትህ እንዳይጓደል መንግስት ማቆም አለበት፣ ይሄም አንቀጽ 20 ነው። ጅማ ዩኒቨርሲቲ የህግ ትምህርት ቤቱ ነፃ የህግ ድጋፍ ይሰጣል፣ ሂዱና ጠይቁ፣ ወረቀታችሁን አደራጅታችሁ ከሄዳችሁ ሰዓት አትጨርሱባቸውም፣ ያንን ትልቅ ወረቀት ይዛችሁ ሂዱ። የግል ጠበቃ ስትይዙ ፈቃዱን እዩ፣ ውል ጻፉ፣ "ዳኛውን አውቀዋለሁ" ያላችሁን ሰው ደግሞ ሻይ ጋብዛችሁ ሸኙት። አንድ ሰው ከጎረቤታችን እንደዛ ብሎ 40 ሺህ ብር ወስዶ ስልኩን ዘጋ፣ ሌላ ምን ልበል።

ሰው መግደል በመጀመሪያ ደረጃ ሚታየው ከፍተኛ ፍርድ ቤት ስለሆነ ይግባኙ የኦሮሚያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ነው፣ ጅማ ላይ ምድብ ችሎት ስላለው ለየቀጠሮው ወደ ላይ መመላለስ ላያስፈልግ ይችላል፣ የትኛው ችሎት እንደሚያየው መዝገብ ቤት ጠይቁ። መጀመሪያ "ያስቀርባል" ወይ "አያስቀርብም" ነው ሚባለው። አያስቀርብም ከተባለ አቃቤ ህጉ ሳይጠራ ይዘጋል። ያስቀርባል ከተባለ መልስ ሰጪው አቃቤ ህግ ይጠራል፣ ይግባኝ ባዩ ይናገራል፣ አቃቤ ህጉ ይመልሳል፣ ይግባኝ ባዩ የመልስ መልስ አለው። ምስክር እንደ አዲስ ይሰማል ብላችሁ ሰው ሰብስባችሁ አትሂዱ፣ አብዛኛው ክርክር በወረቀት ላይ ባለው ነው። አቃቤ ህግም በበኩሉ ቅጣቱ አነሰ ብሎ ይግባኝ ሊል እንደሚችል እወቁ፣ ብሎም ከሆነ መጥሪያው ሲመጣ አትደንግጡ፣ መልስ ይጻፍበታል።

እዛም ካልሆነ ሰበር አለ፣ የክልሉም የፌዴራሉም። ሰበር ማን መታ ማን አልመታም አይጠይቅም፣ መሰረታዊ የህግ ስህተት አለ ወይ ነው ሚለው። ለፌዴራል ሰበር 90 ቀን ነው፣ እዛ ደግሞ በአማርኛ ስለሆነ ሚሰራው የቁቤውን ውሳኔ ሁሉ ማስተርጎም አለባችሁ፣ እሱን ከአሁኑ አስቡት። የሰበር ውሳኔዎች በቅጽ በቅጽ ታትመው ኢንተርኔት ላይ በፒዲኤፍ ይገኛሉ፣ "በህብረት" የሚል ቃል እያያችሁ አንብቡ፣ ሌሊት እንቅልፍ እምቢ ሲላችሁ ከማሰብ ይሻላል።

ልጁን ልትጠይቁት ስትሄዱ ደግሞ "ተፈታህ በቃ" አትበሉት። አክስቴ እያንዳንዱ እሁድ ዶሮ ወጥ ይዛ እየሄደች "በዚህ ወር ነው ምትወጣው" ትለው ነበር፣ ቀጠሮ በተዛወረ ቁጥር ልጁ ሳምንት አይበላም። ቀጠሮ ደግሞ ይዛወራል፣ የኛ አራቴ ተዛውሯል።

ውሳኔው የመጣ ቀን እኔ ሱቅ ነበርኩ፣ ሰው ተሰልፎ መታወቂያ ኮፒ እያደረግኩ። ከግድያው ክስ ሦስተኛ ተከሳሽ በነፃ፣ በአካል ጉዳቱ ግን ጥፋተኝነቱ ጸና፣ ቅጣቱ 3 ዓመት ከ6 ወር። የታሰረበት ጊዜ ሲታሰብለት የቀረው ትንሽ ነው። የሁለተኛና የአራተኛው ቅጣት ተቀነሰ፣ የጋሼ እንዳለ ጸና። አክስቴ ጋ ደውዬ ስነግራት "ታዲያ ዛሬ አይወጣም?" አለችኝ። አይወጣም አልኳት። "እና የጋሼስ?" አለች ቀጥላ፣ እኔም ዝም አልኩ፣ ከመስኮቱ ጀርባ የቆመው ሰውዬ "ወንድም ኮፒው ጠቁሯል እኮ" ሲለኝ ነው የነቃሁት።